ጌጫ የገባው ቤትሆቨን

ከቴፒ ወደ ጌጫ በሚወጣ መኪና ተሳፍሬ ነበር። የቆላው ሙቀት ከኋላችን ቀርቶ ብርዱ በመስኮት መግባት ሲጀምር፣ ሾፌሩ ሲያስጮኸው የነበረውን ዘፈን አጠፋና «አሁን ደግሞ እስቲ ክላሲካል እንስማ» አለ። ጆሮዬን ቀሰርኩ። የመጣው ባኽ አልነበረም፤ ሞዛርትም አልነበረም። በኪቦርድ የተሠራ ትዝታ ነው፤ ዘፋኝ የለውም፣ ግጥም የለውም። አጠገቤ የተቀመጡት አዛውንት «ይኸ ነው ደጉ፤ ሰው አይጮህበትም» አሉና ጋቢያቸውን ተከናንበው እንቅልፋቸውን ለጠጡ።

በአገራችን «ክላሲካል» ማለት እንግዲህ ይኸው ነው። ካሴት ቤቶች በየመንገዱ በነበሩበት ዘመንም «ክላሲካል አለህ?» ብሎ የጠየቀ ደንበኛ የሚቀርብለት በሳክስፎን ወይም በኪቦርድ የተሠራ፣ ድምፃዊ የሌለበት የአገር ቤት ዜማ ነበር። ቃሉ ከአውሮፓ ሲነሳ ማዕረግ ነበር፤ እኛ ዘንድ ሲደርስ «ዘፋኝ የሌለው» ማለት ሆኖ ቀረ። በዚህ አጠራር ስንስቅ የኖርን ሰዎች አለን፤ እኔም ከሳቂዎቹ አንዱ ነበርኩ። ሾፌሩን ላርመው አፌን ከፍቼ ነበር። ደግነቱ ዝም አልኩ። ለምን «ደግነቱ» እንዳልኩ ወደ በኋላ እመጣበታለሁ።

ጌጫ የሄድኩት ለሙዚቃ አልነበረም፤ ለለቅሶ ነው። የእናቴ ወንድም እዚያ ነው የኖሩት። በ1960ዎቹ መጀመሪያ ዓ.ም. አስተማሪ ሆነው ተመደቡ፤ «አንድ ዓመት ሠርቼ እመለሳለሁ» እንዳሉ እዚያው አግብተው፣ ወልደው፣ ጡረታ ወጥተው እዚያው ተቀበሩ። ጌጫን ለማያውቅ አንባቢ፦ የአንድራቻ ወረዳ ከተማ ናት፤ በማሻና በቴፒ መካከል፣ ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2012 በባዮስፌርነት በመዘገበው በሸካ ደን ምድር ትገኛለች። ዝናቡ ወር አይመርጥም። ማሩ፣ እንሰቱ፣ ቀርከሃው፣ ዝቅ ሲሉም ቡናው የታወቀ ነው። ጭቃውም እንዲሁ።

ልጅ ሳለሁ አንድ ክረምት እዚያ ከርሜአለሁ። ከዚያ ክረምት ከሁሉ ይበልጥ በአእምሮዬ የቀረው የአጎቴ ሬዲዮ ነው። ቡናማ የቆዳ ልብስ ያላት፣ በባትሪ ድንጋይ የምትሠራ፣ አጭር ሞገድ የምትይዝ ሬዲዮ ነበረች። ሲመሽ አጎቴ መስኮቱን ይዘጋሉ፤ ፋኖሱን ዝቅ ያደርጋሉ፤ ድምፁን ቀንሰው ጆሮአቸውን ይለጥፉባታል። የሚጠብቁት የጀርመን ድምፅን የአማርኛ ዜና ነው። ዶይቸ ቬለ በአማርኛ ማሰራጨት የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1965 ነው። በዚያ በጭንቁ ዘመን አገር ውስጥ የማይነገረውን ለመስማት ስንቱ ቤት መስኮቱን ዘግቶ እንዳዳመጠው የዕድሜ እኩዮቼ ያውቁታል። ዜናው ከመምጣቱ በፊት፣ በሞገዱ ፉጨትና ንፋስ መካከል፣ እንደ ትናንሽ ደወል የምትንቆረቆር አጭር ዜማ አለች። ትመጣለች፣ ትቆማለች፣ ደግማ ትመጣለች። ጣቢያው «እዚህ ነኝ፤ አትለፉኝ» የሚልባት ምልክት ናት።

ዜማዋን ለመድኳት። አንድ ቀን ደጅ ስጫወት ጮክ ብዬ አንጎራጎርኳት። አጎቴ ለመጀመሪያና ለመጨረሻ ጊዜ በጥፊ መቱኝ። ያኔ ምክንያቱ አልገባኝም። ያቺን ዜማ የሚያንጎራጉር ልጅ ያለበት ቤት ማታ ማታ ምን እንደሚያዳምጥ መንገደኛ ሁሉ ያውቃል። የአጎቴ ባለቤት፣ እትዬ የምላቸው፣ ከጓዳ ወጥተው አቀፉኝና «ይተዉት፤ ልጅ እኮ ነው» አሏቸው። እርሳቸውም አንድ ሌሊት ተወስዶ ያልተመለሰ ወንድም ነበራቸው።

ዜማዋ የማን እንደሆነች ያወቅሁት ከብዙ ዓመታት በኋላ፣ አዲስ አበባ ውስጥ ኦፔራ በፊልም በታየበት አንድ ምሽት ነው። ሥራው የቤትሆቨን «ፊዴሊዮ» ነበር። ወደ መጨረሻው፣ ሚኒስትሩ ወደ እስር ቤቱ መጥቶ ለታሳሪዎቹ ሲናገር፣ ያቺ የአጭር ሞገድ ዜማ በሰው ድምፅ መጣች። በተቀመጥኩበት ጉንጬን ዳበስኩ።

ታሪኩን ባጭሩ ልንገራችሁ። ፍሎሬስታን የተባለ ሰው የአንድ ባለሥልጣን ወንጀል ለማጋለጥ በመነሳቱ ያለ ፍርድ ጨለማ ጉድጓድ ውስጥ ተጥሏል። ሚስቱ ሊዮኖሬ ወንድ መስላ፣ ፊዴሊዮ ተብላ፣ እስር ቤቱ ውስጥ ተቀጥራለች። አዛዡ ፒሳሮ ሚኒስትሩ ለቁጥጥር እንደሚመጣ ሲሰማ እስረኛውን ገድሎ ሊቀብረው ያስባል፤ ሴትዮዋም የባሏን መቃብር ከእስር ቤቱ ጠባቂ ጋር ትቆፍራለች። ፒሳሮ ጩቤውን ሲመዝ በመካከል ትገባለች፤ ሽጉጥ ትደግንበታለች፤ በዚያች ቅጽበት ከግንቡ ላይ መለከት ይነፋል። ሚኒስትሩ ደርሷል። የእኔ ዜማ እርሱ የሚናገርባት ናት፤ እንደ ጌታ ሳይሆን ወንድሞቹን እንደሚፈልግ ወንድም ሆኖ መምጣቱን የሚገልጽባት። ጀርመኖቹ ከጠቅላላ ሙዚቃቸው መካከል ለባሕር ማዶ ሬዲዮአቸው መለያ የመረጡት ይህችን ነው። ጌጫ ውስጥ መስኮት ዘግቶ የሚያዳምጥ ቤት ግን ቃሉንም፣ ታሪኩንም፣ የደራሲውንም ስም ሳያውቅ በየምሽቱ ይሰማት ነበር።

ስለ ሥራው ጥራት ሐቁን ካልተናገርኩ ሂስ አይሆንም። «ፊዴሊዮ» እንከን የሌለበት ኦፔራ አይደለም። አጀማመሩ የጠባቂው ልጅ ወንድ መስላ የመጣችውን ሴት የምታፈቅርበት ቀላል የቤት ውስጥ ኮሜዲ ነው፤ ወደ ጉድጓዱ ሲወርድ ግን ሌላ ሰው የጻፈው ይመስላል። ቤትሆቨን ራሱም አውቆታል፤ እ.ኤ.አ. በ1805፣ በ1806 እና በ1814 ሦስት ጊዜ አድርጎ ሠርቶታል፤ መግቢያ ሙዚቃውን አራት ጊዜ ጽፎታል። የመጀመሪያው ዝግጅት ቪየና ውስጥ ሲቀርብ ከተማዋን የናፖሊዮን ጦር ከያዛት ገና ሳምንት መሆኑ ነበር፤ አዳራሹ ውስጥ ከተቀመጡት ብዙዎቹ ጀርመንኛ የማይሰሙ የፈረንሳይ መኮንኖች ነበሩ። ወደቀ። ዛሬ «ዘላለማዊ» የምንለው ሥራ እንዲህ ነው የጀመረው። የመጀመሪያው ክፍል መዝጊያ ላይ እስረኞቹ ለጥቂት ደቂቃ ወደ ፀሐይ ሲወጡ፣ ዘብ እንዳይሰማቸው በሹክሹክታ የሚዘምሩበት ቦታ ግን አለ። ለእሱ ስል ኮሜዲውን ሁሉ ይቅር እላለሁ።

እዚህ ላይ ነው የጀርመን ቀማሪዎች በሙዚቃ ታሪክ ስላላቸው ቦታ መነጋገር የምፈልገው። እኛ ያንን ቦታ እንደ ዙፋን ነው የተቀበልነው። ባኽ፣ ቤትሆቨን፣ ብራምስ ከላይ፤ ሌላው ዓለም ከታች፤ የእኛ እምቢልታ ደግሞ ከታችም ታች። (ሞዛርትና ሃይድን ኦስትሪያውያን ናቸው የሚለኝ አንባቢ ልክ ነው፤ በዘመናቸው ጀርመን የሚባል አንድ መንግሥት አልነበረምና ክርክሩ ለሌላ ቀን ይቆየን።) ዙፋኑን የሠራው ማን ነው? ጀርመናዊው ሃንስ ፎን ቢዩሎ ነው ሦስቱን በ«ቤ» ፊደል የሚጀምሩ ስሞች አንድ ላይ ያሰራቸው። ከእርሱ በፊት እ.ኤ.አ. በ1854 ፔተር ኮርኔሊዩስ ተመሳሳይ ሦስትነት ሲያውጅ ሦስተኛው ብራምስ አልነበረም፤ ፈረንሳዊው ቤርልዮዝ ነበር። ከሥላሴው አንዱ ተነስቶ ሌላው ተተካ ማለት ነው። የተፈጥሮ ሕግ ቢሆን ኖሮ እንዲህ በቀላሉ ሰው አይለዋወጥበትም ነበር።

ባኽንም እንይ። እ.ኤ.አ. በ1723 የላይፕሲግ ከተማ ምክር ቤት ለቅዱስ ቶማስ ቤተ ክርስቲያን የመዘምራን መሪ ሲፈልግ የመጀመሪያ ምርጫው ቴሌማን ነበር፤ ቀጥሎ ግራውፕነር። ሁለቱ ሳይሆኑ ሲቀሩ ነው ባኽ የተቀጠረው። 27 ዓመት እዚያው ሠራ፤ ከሹሞቹ ጋር በደመወዝና በሥልጣን እየተጨቃጨቀ፣ ለበዓላቱና ለእሑዶቹ መዝሙር እያዘጋጀ፣ ልጆች እያስተማረ። እ.ኤ.አ. በ1750 ሲሞት ሙያተኛው ቢያከብረውም ሕዝብ ግን ረሳው። ትልቁን «የማቴዎስ ሕማማት» ከአቧራ አውጥቶ እ.ኤ.አ. በ1829 በርሊን ላይ ያሰማው የ20 ዓመቱ ፌሊክስ ሜንደልሶን ነው። ከዚያ በኋላ ማኅበር ተቋቋመ፤ ሥራዎቹን ሰብስቦ ለማሳተም ሃምሳ ዓመት ገደማ ፈጀ። ዙፋኑ በአናጢ፣ በአታሚ፣ በአስተማሪ፣ በአባልነት መዋጮ ነው የተሠራው። ሊፈርስም ይችላል፤ ሜንደልሶን በዘሩ አይሁዳዊ በመሆኑ ናዚዎች እ.ኤ.አ. በ1936 ላይፕሲግ ላይ የቆመውን ሐውልቱን አወረዱት። ባኽን ለጀርመኖች የመለሰላቸውን ሰው ማለት ነው። እነዚያው ሰዎች «ፊዴሊዮ»ን ያስመድቡ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1942 ለሂትለር ልደት ዋዜማ ዘጠነኛውን ሲምፎኒ አስመትተዋል። ሙዚቃ ሰሚውን ደግ ያደርገዋል የሚለውን ስብከት ስለዚህ እተወዋለሁ።

ታዲያ የእውነት ያበረከቱት ምንድን ነው? ብዙ ነው፤ ለእኔ ግን ትልቁ ሾፌሩ የተናገረው ነው። በ18ኛው ክፍለ ዘመን አውሮፓ ቃል የሌለው ሙዚቃ ከቃል ካለው ያነሰ ተደርጎ ይቆጠር ነበር፤ ለእራት ማጀቢያ፣ ለዳንስ፣ ለሰልፍ። ቤትሆቨን በሲምፎኒዎቹ፣ ከእርሱ በፊትም ሃይድንና ሞዛርት፣ ያለ አንድ ቃል አሳብ የሚያስብ ሙዚቃ ሠሩ። ማዕረጉን በጽሑፍ የሰጠው ደግሞ አንድ ሐያሲ ነው፤ ሆፍማን እ.ኤ.አ. በ1810 ላይፕሲግ በሚታተም የሙዚቃ ጋዜጣ ስለ አምስተኛው ሲምፎኒ ሲጽፍ ከኪነ ጥበባት ሁሉ ያለ ቃል የሚናገረውን ሙዚቃ ከፍ አደረገ። (ለመጽሔት የምንጽፍ ሰዎች አልፎ አልፎ እንጠቅማለን።) እንግዲህ «ክላሲካል ማለት ዘፋኝ የሌለው ነው» የሚለው የጌጫ መንገድ ሾፌር ከሆፍማን የራቀው ስንት ክንድ ነው? እኛ የቃል ሕዝብ ነን። ቅኔ እንቆጥራለን፤ ዘፈን ስንሰማ ሰሙን ትተን ወርቁን እንቆፍራለን፤ «ምን አለ?» ብለን እንጠይቃለን እንጂ «እንዴት ተመታ?» አንልም። ለቃል አልባው ሙዚቃ ለብቻው ስም ያስፈለገን ለዚህ ይመስለኛል፤ ሌላ ስም ስላልነበረንም የነሱን ተዋስን። በዚህ የምስቅበት ምክንያት አጣሁ። የሚያስቀው ቤትሆቨን ራሱ ነው፤ ቃል አልባውን ሙዚቃ ዙፋን ላይ አስቀምጦ ሲያበቃ እ.ኤ.አ. በ1824 ዘጠነኛው ላይ ዘማሪዎች ጠራ።

ሁለተኛውን ጀርመናዊ ጌጫ ላይ ያገኘሁት እሑድ ነው። ከለቅሶው ቤት ወጥቼ ስንቀሳቀስ ዝናቡ ያዘኝና ከአንድ የወንጌላውያን ቤተ ክርስቲያን ክዳን ሥር ተጠለልኩ። ውስጥ ይዘመራል። ቆርቆሮው ላይ የሚወርደው ዝናብ ግማሹን ይበላዋል፤ የቀረው ግማሽ ግን የማውቀው ዜማ ሆነብኝ። ማርቲን ሉተር በመዝሙረ ዳዊት 46ኛው ላይ ተመሥርቶ የሠራው፣ እግዚአብሔርን በአምባ የሚመስለው መዝሙር ነበር። ባኽ ሙሉ ካንታታ ሠርቶበታል፤ ሜንደልሶን «ተሐድሶ» ያለውን ሲምፎኒ ዘግቶበታል። ሴቶቹ ከላይ፣ ወንዶቹ ከታች፣ አንድ ጎረምሳ ደግሞ ከሁለቱም ያልሆነ የራሱን መንገድ ይዞ ይሄዳል፤ ስህተት መስሎኝ ነበር፤ ሁለተኛው ዙር ላይ በዚያው መንገድ ሲመለስ ግን ስህተት አለመሆኑ ገባኝ። ሲወጡ አንዱን ሽማግሌ ዜማው ከየት እንደመጣ ጠየቅኋቸው። «የእኛ ነው» አሉኝ፤ ነገሩ አለቀ።

ልክም ናቸው። ሉተር መዝሙሩን የጻፈው አዳራሽ ለሚገባ ሰሚ ሳይሆን ቆመው ለሚዘምሩ ምእመናን ነው። የባኽ ሙዚቃ ግማሽ መሠረቱ ይኸው ነው፤ ሰሚዎቹ ዜማዎቹን ከልጅነታቸው ያውቋቸው ነበር፤ እርሱ በላያቸው ላይ ገነባባቸው። ይህንን መሠረት ሳናውቅ ሕንፃውን ብቻ በፎቶግራፍ አይተን ነው የምናደንቀው። ደግሞስ እንግድነቱ ምኑ ላይ ነው? ሚካኤል የተባለ ኢትዮጵያዊ ዲያቆን እ.ኤ.አ. በ1534 ዊተንበርግ ድረስ ሄዶ ከሉተር ጋር ስለ ሃይማኖት ተነጋግሯል። አባ ጎርጎርዮስ እ.ኤ.አ. በ1652 ጎታ ቤተ መንግሥት ሆነው ኢዮብ ሉዶልፍን ግእዝና አማርኛ ሲያስተምሩ፣ ከከተማዋ በቅርብ ርቀት በምትገኘው አይዘናኽ ባኽ ሊወለድ 33 ዓመት ቀርቶት ነበር።

ብዙ ድምፅ አንድ ላይ ማስኬድ የነጭ ጥበብ ነው ለሚሉም እዚያው ክዳን ሥር ያሰብኩትን ልጨምር። እምቢልታ ሦስት ሆኖ ነው የሚነፋው፤ አንዱ እምቢልታ የሚያወጣው አንድ ወይም ሁለት ድምፅ ነው፤ ዜማው ያለው በአንዳቸውም ውስጥ ሳይሆን በመካከላቸው ነው። የበርታ ሕዝብ ዙምባራም እንዲሁ ነው። ዶርዜዎች አፋቸውን ከፍተው ሲዘምሩ ስንት ድምፅ እንዳለ ለመቁጠር የሞከሩ የውጭ ባለሙያዎች መቅጃ ተሸክመው ጨንቻ ተራራ ወጥተዋል። እኛ የሰሜኑን የአንድ ድምፅ ዜማ «የኢትዮጵያ ሙዚቃ» ብለን ስናበቃ፣ ከጎረቤታችን ያለውን ከጀርመን ለመማር ትኬት ስንቆርጥ ኖረናል።

መደበኛውን መንገድ፣ ማለትም በመንግሥት በር የገባውን ምዕራባዊ ሙዚቃ፣ ብዙዎች ጽፈውበታልና አልቆይበትም። በ1916 ዓ.ም. ከኢየሩሳሌም የመጡት አርባዎቹ የአርመን ልጆችና መሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን፣ የክብር ዘበኛ ባንድ፣ ከዚያም የቅዱስ ያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤትና የመጀመሪያው ዳይሬክተር አሸናፊ ከበደ። አሸናፊ እዚህ ላይ በስም መጠራት አለበት። አሜሪካ ተምሮ፣ ሃንጋሪ ሄዶ፣ «እረኛው ባለዋሽንት»ን ለኦርኬስትራ ሲጽፍ ቤትሆቨንን መምሰል አልፈለገም፤ የፈለገው የዋሽንቱ እስትንፋስ በብዙ መሣሪያ ውስጥ ሳይታፈን እንዲያልፍ ነው። ተሳክቶለታል ወይ? በከፊል። ዋሽንቱ ብቻውን ሲሆን ተራራው ይታየኛል፤ ኦርኬስትራው ሲገባ አንዳንዴ ተራራው ላይ መጋረጃ ይወርዳል። ግን የሄደበት መንገድ የባኽ መንገድ ነው፤ ሰው ከሚያውቀው ዜማ መነሣት።

እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩን በሚመለከት ግን ከአንዳንድ አድናቂዎቻቸው ጋር እጣላለሁ። በ1916 ዓ.ም. ተወልደው፣ በልጅነታቸው ስዊዘርላንድ ቫዮሊን ተምረው፣ በጣሊያን ወረራ ከቤተሰባቸው ጋር አዚናራ ደሴት ታስረው፣ በኋላም ካይሮ ከኮንትሮቪች ዘንድ ተምረው፣ ሁሉን ትተው ግሸን ማርያም የመነኑት እኚህ ሴት፣ በመጋቢት 2015 ዓ.ም. ኢየሩሳሌም ሲያርፉ «የኢትዮጵያ ሾፐን» እየተባሉ ተለቀሰላቸው። ለማክበር ነው፤ ይገባኛል። ቢሆንም ሸክላቸውን አስቀምጣችሁ እስቲ ስሙ። ጊዜው የሾፐን ጊዜ አይደለም፤ እንደ በገና ደርዳሪ ሲፈልግ ይቆማል፣ ሲፈልግ ይቸኩላል። ፒያኖ 12 ድምፆቹን በእኩል የከፈለ መሣሪያ ነው፤ ባኽ እ.ኤ.አ. በ1722 በሁሉም ቁልፍ 24 ጊዜ ዞሮ ያሰማው ዓይነት ሥርዓት እየጠነከረ ሄዶ ነው እዚህ የደረሰው። የእኛ ቅኝቶች፣ በተለይ አንቺሆዬ፣ በዚያ ክፍፍል ላይ አይመቻቸውም። እማሆይ ይህንን የሚያውቁት በጣታቸው ነው፤ ፒያኖው የሌለውን ድምፅ ሁለት ጎረቤት ቁልፎችን በፍጥነት ነክተው ሲሸሹ በመካከል ያስሰሙናል። ይህንን ሾፐን አላስተማራቸውም። ሸክላዎቻቸው ጀርመን አገር ታትመው ለድሆች መርጃ ዋሉ፤ ዓለም በሰፊው የሰማቸው ግን እ.ኤ.አ. በ2006 የ«ኢትዮፒክስ» 21ኛው ዲስክ ሲወጣ ነው። ባኽን 79 ዓመት ያስጠበቀው አታሚና ሜንደልሶን ማጣቱ ነበር። ለእማሆይ ኖታ፣ ለአሸናፊ ኦርኬስትራ፣ ለዶርዜ መዝሙር መጽሐፍ የሚሆን መዋጮ ከእኛ ኪስ ስንት ወጣ? እኔ ከኪሴ ምንም አላወጣሁም፤ የጻፍኩት ግን ብዙ ነው።

ሦስተኛው ቀን ማታ እትዬ ቡና አፍልተው ተቀምጠናል። እንግዳው ሁሉ ሄዷል። ላጫውታቸው ብዬ የባኽን የቡና ካንታታ ታሪክ ነገርኳቸው፤ እ.ኤ.አ. በ1734 ገደማ ላይፕሲግ ውስጥ ለአንድ ቡና ቤት የሠራውን። አባት ልጁን ቡና ተዪ ይላታል፤ መውጫ እከለክልሻለሁ፣ ልብስ አልገዛልሽም ይላታል፤ አትሰማም። ባል አልሰጥሽም ሲላት እሺ ትላለች፤ በጎን ግን ቡና የማይከለክለኝ ካልሆነ አላገባም ብላ ውል ታስገባለች። እትዬ ከሞቱ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቁ። «አባትየውስ አይጠጣም ነበር?» አሉ። ካንታታው ይህንን እንደማይመልስ ነገርኳቸው። «ይጠጣል፤ ይጠጣል» አሉና ሁለተኛውን ቀዱልኝ። የቡናው ዛፍ ጥንተ አገሩ ይህ የደቡብ ምዕራብ ደን ነው፤ ላይፕሲግ የደረሰው ከሌላ አገር በመርከብ ነው። የሄደው መንገድ ረጅም ነበር፤ የመጣውም ዜማ እንዲሁ።

ሬዲዮዋ መደርደሪያው ላይ ናት። የቆዳ ልብሷ ተሰነጣጥቋል፤ ድንጋይ ከገባላት ዓመታት አልፏል። ዶይቸ ቬለ ለአፍሪካ ያስተላልፍበት የነበረው የኪጋሊ ጣቢያም እ.ኤ.አ. በ2015 ተዘግቷል። ስልኬን አውጥቼ «ፊዴሊዮ»ን መጨረሻው አካባቢ ከፈትኩላቸው። ሚኒስትሩ ጀመረ። እትዬ ስኒውን እንደያዙ ቀጥ አሉ። ድምፁን እንድቀንስ በእጃቸው አሳዩኝ፤ ወዲያው ራሳቸው አፈሩና እጃቸውን መለሱት።

«ይቺማ የጋሼ ናት» አሉ።

ታሪኩን ነገርኳቸው፤ ጉድጓዱን፣ ሚስትየዋን፣ መቃብሩን፣ መለከቱን። ጀበናው ከሰሉ ላይ እየተንተከተከ ነው። እስከ መጨረሻው ሳያቋርጡ አዳመጡኝ።

«ሰውየው ተፈታ?» አሉኝ።

«አዎ፣ እትዬ፤ ተፈታ።»

«ሚስቱ ናት የፈታችው?»

«ሰንሰለቱን የምትፈታው እርሷ ናት።»

ሙዚቃው ገና አላለቀም ነበር። «ከመጀመሪያው መልሰው» አሉኝ። መለስኩት።